ብር ወንዝ በመስከረም

ትናንት ቡሬ ላይ ምሳ ሳልበላ ከሆቴሉ ተነሥቼ የወጣሁት ምግቡ ስላልጣመኝ አይደለም። አንቺ ደንግጠሽ ተከትለሽኝ ወጣሽ። «እትዬ፣ አመመዎት እንዴ?» ስትዪኝ ዝም አልሁሽ፤ ያኮረፍሁ መስሎሽ መንገዱን ሙሉ አንቺም ዝም አልሽ። ከተቀመጥንበት ፊት ለፊት፣ ከእጅ መታጠቢያው በላይ የተሰቀለውን ትልቅ ሥዕል ልብ ብለሽው እንደሆነ አላውቅም። ወንዝ ነበር። ግራ ቀኙ ለምለም፣ መኻሉ ሰማያዊ፣ ተተኩሶ እንደተነጠፈ አንሶላ ለጥ ያለ። በቅርብ የተሣለ ስለሆነ አኳራጁ ገና ይሸት ነበር፤ ሠዓሊዎች የዘይት ቀለም የሚያቀጥኑበት፣ ብሩሽ የሚያጥቡበት፣ አፍንጫ የሚሰረስር ነገር ነው። ዓይኔ ያን የተኛ ውሃ አየ፣ አፍንጫዬ ሽታውን ያዘ፣ ከዚያ በኋላ እንጀራውን መቁረስ አቃተኝ።

ንዴት ነው፣ ልጄ። ሌላ በሽታ የለብኝም። አባትሽ እንዴት እንደሞተ ስትጠይቂን «ውሃ ወሰደው» እያልን ነው ያሳደግንሽ። አያትሽም ያንኑ እያለች አረፈች። እኔ ግን ውሃ ወሰደው ማለት ታክቶኛል። እንደሆነው ልንገርሽ።

ያን ጊዜ፣ በደርግ ዘመን፣ ፍኖተ ሰላም ተማሪ ነበርሁ። ቤታችን ከብር ወንዝ ማዶ ስለሆነ ከተማ ውስጥ ከአንዲት ጠላ ሻጭ ሴትዮ ጓዳ ተከራይቼ እማር ነበር። አባትሽ ታላቄ ነው። አባታችን በልጅነታችን ስለሞተ እርሻውን የያዘው እሱ ነው፤ እኔ ትምህርት ቤት እንድገባ የፈረደውም እሱ ነው። በገበያ ቀን ስንቄን በስልቻ ተሸክሞ ይመጣል፤ በሶ፣ ሽሮ፣ ቆሎ። ዱላውን ከግድግዳው አስደግፎ ከጓዳዬ ደፍ ላይ ቁጭ ይልና፣ ገና ሳልስመው አፍንጫውን ይይዛል። «እታለም፣ ደግሞ ላምባ ስትጠጪ ዋልሽ?» ይለኛል። የአኳራጁን ሽታ ነው የሚለው። ከልብሴ አይለቅም ነበር።

ሽታውን ያጋባብኝ የሥዕል መምህራችን ነው። ከአዲስ አበባ ተመድቦ የመጣ፣ ቀጭን፣ ትከሻው ወደ ፊት ያዘነበለ፣ ሲናገር ቃል የሚመርጥ ሰው ነበር። ሥዕል አስተምር ተብሎ ቢመጣም ሥራው መፈክር መጻፍና የመሪዎችን ፊት በአቡጀዲ ላይ ማግዘፍ ሆኖ ቀረ። በዓል በደረሰ ቁጥር ጢማሞቹን ፈረንጆች ይሥላቸዋል። ያን ሲሠራ ፊቱ ላይ ምንም አይነበብም፤ አንድ ሰው አጥር ሲያጥር እንደሚሆነው ነው። ከትምህርት በኋላ ግን የትምህርት ቤቱን የዕቃ ግምጃ ቤት ከፍቶ ይገባል። የራሱ የዘይት ቀለሞች እዚያ ነበሩ። እንደ ጥርስ ሳሙና በቱቦ የታሸጉ ናቸው፤ በዚያ አገር የሚተካቸው ስለሌለ ተጨምቀው ሲያልቁ በምላጭ ሆዳቸውን ቀድዶ የቀረውን ይፍቅ ነበር። ግምጃ ቤቱ አኳራጅና የተልባ ዘይት ይሸታል። አንዲት ትንሽ መስኮት አለችው፤ ከሰዓት በኋላ ፀሐይዋ በእሷ ገብታ የተሰበሩ ወንበሮች ላይ ትወድቃለች። እኔ እዚያ ቤት ውስጥ ደስ እንዳለኝ የትም ደስ ብሎኝ አያውቅም።

መጀመሪያ ብዙ ተማሪዎች ነበርን። ጣት የሚያቆሽሽና ጊዜ የሚፈጅ ሲሆንባቸው ሌሎቹ አንድ በአንድ ቀሩ። እኔ ግን ልቅር ብልም አልቻልሁበትም። የመጀመሪያውን ወንዜን አሳየሁት። ዳርና ዳሩን አስምሬ መኻሉን በሰማያዊ ሞልቼው ነበር። ረጅም ጊዜ አየውና፣ «አልጋ ልብስ ነው የሣልሽው» አለኝ። አልሳቀም። «ውሃ አይተሽ ታውቂያለሽ?»

«ኧረ ወንዝ ዳር ነው ያደግሁት፣ ጋሼ።»

«እሱማ ቀድተሻል፣ ተሻግረሻል። አይተሽው ታውቂያለሽ ወይ ነው የምልሽ።»

ከከተማ ሰው አፍ ይኸን መስማቴ አበሸቀኝ። ቢሆንም ውነቱን ነበር። በጥር ውስጥ፣ ወንዙ ጎድሎ ድንጋዩ ሲታይ፣ የሸራ ማቆሚያውን ተሸክሞ ወደ እኛ አገር ወረደ። ከወንድ ጋር ብቻዬን እንዳልታይ አባትሽ መጥቶ ከዳር ተቀመጠ፤ ሰው እንዳያወራብኝ ነው እንጂ መምህሩን ገና ሲያየው ወድዶታል። እዚያ ነው ውሃ ማየት የተማርሁ። መጀመሪያ የወንዙን ወለል ሣዪ ይለኛል፣ ድንጋዩን፣ አሸዋውን፣ በአኳራጅ በቀጠነ ቀለም። ይድረቅ። ከዚያ በላዩ ውሃውን አሳልፊ። ብሩሽሽ ውሃው በሚሄድበት ይሂድ፣ ወደ ኋላ እንዳትመልሺው። ውሃው ድንጋይ ጋ ሲደርስ ጉብ ብሎ ይነሣል፤ ያቺ ጉብታ ቀኑን ሙሉ ቦታዋን አትለቅም፣ ውሃው ግን በውስጧ ሲያልፍ ይውላል። ያቺን ከያዝሽ ወንዙ ይሄድልሻል። ነጩን ቀለም እንደ ጨው ቁጠሪው፣ መጨረሻ ላይ፣ ቆንጥረሽ።

ውሃ በሰው እግር ዙሪያ እንዴት እንደሚከፈል ሊያሳየኝ ፈልጎ አባትሽን ግባልን አለው። አባትሽ ሱሪውን ከጉልበቱ በላይ ጠቅልሎ ገባ። የጥር ጧት ነው፤ ውሃው አጥንት ይሰብራል። «ቶሎ በሉ እንጂ፣ እግሬ የኔ መሆኑ እያጠራጠረኝ ነው» ይላል። ጥርሱ እየተንገጫገጨ ይስቃል። በመጨረሻ ወጥቶ ሸራውን ሲያይ የተሣለው እግሩና በእግሩ ዙሪያ የሚሽከረከረው ውሃ ብቻ ነው። «ምነው፣ ሰውዬውን የት አደረሳችሁት?» አለ። መምህሩ እስኪያስለው ሳቀ። መምህሩ ሲስቅ ሳየው ያን ቀን መጀመሪያዬ ነበር።

እናትሽን ያገባው በዚያው ዓመት ነው። ክረምቱ ሲገባ አንቺ ሆድ ውስጥ ነበርሽ።

አሁን ወደ ንዴቴ ልምጣ። መስከረም ሁለት የአብዮት በዓል ነው። በነሐሴ መጨረሻ የገበሬ ማኅበሩ ሊቀመንበር በየቤቱ እየዞረ ትእዛዝ ተናገረ፤ ከብር ማዶ ያለ አካለ መጠን የደረሰ ሰው ሁሉ፣ ወንድ ሴት ሳይል፣ በበዓሉ ጧት ፍኖተ ሰላም ሰልፍ ላይ ይገኛል። ያልተገኘ አድኃሪ ነው። ብር ደግሞ በዚያ ወቅት ምን እንደሚመስል አንቺ አታውቂውም፤ አሁን በድልድይ በመኪና ነው የምታልፊው። ደጋ ዳሞት ላይ የዘነበው ሁሉ ተጠራቅሞ ይወርዳል። ቀይ ነው። ድምፁ ከሩቅ ሲሰማ ከባድ መኪና ዳገት የሚወጣ ይመስላል።

ሽማግሌዎቹ መክረው ትእዛዙን ያወጣውን የከተማውን ካድሬ ሊለምኑት ተነሡ። ጳጉሜን ላይ ዝናቡ ጋብ ብሎ ውሃው ትንሽ ዝቅ ሲል አባትሽ ረጅም የቆዳ ጠፍር ይዞ አሻገራቸው። እኔም ለሰልፍ ልምምድ ተጠርቼ ስለነበር አብሬያቸው ተሻገርሁ። ከተማ እንዳታደናግረን ስላሉ ወደ ቢሮው ይዣቸው ገባሁ። ስለዚህ የተባለውን በጆሮዬ ነው የሰማሁት፤ ሰው ነግሮኝ አይደለም።

ካድሬው ወጣት ነበር። ንጹሕ ካኪ ለብሶ ከጠረጴዛው ኋላ ተቀምጦ ብስኩት በሻይ እየነከረ ይበላል። ተቀመጡ አላላቸውም።

ከሁሉም አንጋፋ የሆኑት ሽማግሌ ጋቢያቸውን ከትከሻቸው ዝቅ አድርገው፣ «ጌታው፣ በዓሉን ጠልተን አይደለም የመጣነ» አሉ። «ውሃው ነው። ብር እስከ መስቀል አይጎድልም። ጎልማሳው ይሻገር ይሆናል፤ ሽማግሌና ሴት ግን አይሆንለትም። ለዚህ ዓመት ይማሩን፤ በዓሉን በያለንበት እናክብረው።»

«ጌታው የሚባል ነገር ቀርቷል። ጓድ በሉ።»

«ይሁን፣ ጓድ።»

«ዛሬ እንዴት ተሻገራችሁ?»

«ቀን ጠብቀን ነዋ።»

«እንግዲያው ለበዓሉም ቀን ጠብቁ» አለና ሳቀ። በሩ ላይ የቆመው አብዮት ጠባቂም አብሮት ሳቀ። «ተፈጥሮን በቁጥጥራችን ሥር እናውላለን እያልን እናንተ ወንዝ ትፈራላችሁ። አብዮቱ ስንት እሳት ያለፈ ነው፣ እናንተ ውሃ ሰበብ ታደርጋላችሁ። ሂዱ።»

አልጮኸም፣ አልተሳደበም። የብስኩቱን ፍርፋሪ ከጠረጴዛው ላይ በመዳፉ ዳር ጠርጎ ወለሉ ላይ አራገፈው። ያ ፍርፋሪ ዛሬም ይታየኛል። ጮኾባቸው ቢሆን ኖሮ ሰው ናቸው ብሎ ነው እል ነበር።

በበዓሉ ዋዜማ ሌሊቱን ሲዘንብ አደረ። እኔ ጧት የወረቀት ባንዲራ ይዤ ከተማሪዎቹ ጋር ሜዳው ላይ ቆምሁ። ባንዲራው ረጥቦ ቀለሙ በእጄ ላይ ወረደ። ዘፈኑ ተዘፈነ፣ መፈክሩ ተባለ፤ እጃችንን አንሥተን እንጮኻለን። ድምፅ ማጉያው፣ «ከብር ማዶ የሚገኙ ጭቁን ገበሬዎች የክረምቱ ጭቃና ወንዝ ሳይበግራቸው ነቅለው ወጥተዋል» አለ። ተጨበጨበ። እኔም አጨበጨብሁ። አባትሽን ለማየት አንገቴን አስግጌ ወደ እነሱ አየሁ። እስከ አንገታቸው ረጥበው፣ ተጠጋግተው ቆመዋል። አንዳቸውም አፍ አይከፍቱም። ያ ሽማግሌ ዓይኔን ሲያገኙት ፊታቸውን መለሱ።

ሰልፉ እስኪበተን የነገረኝ ሰው የለም።

አባትሽ ቀድሞ ዋኝቶ ጠፍሩን ከወዲህኛው ዳር ካለችው ሾላ ጋር አሰረ። ከዚያ እየተመላለሰ ሰዎቹን ጠፍሩን እያስያዘ አሻገረ። ብዙዎቹን አሻግሯል። አንድ አዛውንት መኻል ላይ እጃቸው ላላ፤ እሱ ሊይዛቸው ሲወረወር ከላይ ተነቅሎ የመጣ ግንድ ሁለቱንም መታቸው። ጠፍሩም ተበጠሰ። ከኋላቸው ጠፍሩን ይዘው የነበሩም አብረው በውሃው ሄደዋል። ዳር የደረሱት ጮኸው ወደ ታች ሊሮጡ ሲሉ አብሯቸው የነበረው ጠባቂ መሣሪያውን አወረደና፣ «ሰልፉ ያልፋችኋል» አላቸው። እናም ሰዎቻቸውን ውሃ ውስጥ ትተው፣ እየተነዱ መጥተው፣ እኔ ፊት ቆመው ተጨበጨበላቸው።

ይኸን ለማመን ዛሬም ያስቸግረኛል። እኔ እጄን አንሥቼ ስጮኽ እሱ የት ደርሶ ነበር?

ስሰማው ሜዳው ላይ ቁጭ አልሁ። ድምፄ ሲወጣ አንድ ጠባቂ መጥቶ፣ «በበዓል ቀን ለቅሶ የለም፤ ድምፅሽን ቀንሺ» አለኝ። መምህሩ ከየት እንደመጣ አላውቅም፤ ኮቱን ራሴ ላይ ጣል አድርጎ አቅፎ አወጣኝ። በማግስቱ ተማሪዎች ሰብስቦ ፍለጋ ወረደ። ከገበሬዎቹ ጋር የወንዙን ዳር ይዘን እሾህ ውስጥ ገባን። መምህሩ በየመታጠፊያው ቆሞ ውሃውን ያያል። እርሳስ ከኪሱ አላወጣም። አባትሽን ከታች አሸዋ ላይ ተጥሎ አገኘነው። ሌሎቹን ሁሉ አላገኘናቸውም። ሊቀመንበሩ ከቀብር በኋላ ከከተማ የተላከ ቃል አነበበልን፤ በውሃ ሙላት ምክንያት ድንገተኛ አደጋ ደርሷል ይላል። ካድሬው ራሱ አልመጣም። መንገዱ ጭቃ ስለነበረ ይሆናል።

አንቺ ከአርባው በኋላ ተወለድሽ። እኔ ወደ ትምህርቴ የተመለስሁት አያትሽ ስላስገደደችኝ ነው። «እሱ የጀመረውን እኔ አላቋርጥም» አለችኝ።

በዚያው ሰሞን አስተዳደሩ አዲስ የስብሰባ አዳራሽ አሠርቶ፣ ከመድረኩ ኋላ የሚሰቀል የአካባቢውን ውበት የሚያሳይ ትልቅ ሥዕል እንዲሥል መምህሩን አዘዘው። የሚከራከር አልነበረም፤ ቀለሙንም እነሱ ከአዲስ አበባ አስመጡለት። ከዚያ በፊት ያን ያህል ሙሉ ቱቦ አንድ ላይ አይቼ አላውቅም። መምህሩ ጓዳዬ ድረስ መጥቶ ከበሩ ሳያልፍ ቆመ።

«ብርን ልሣለው ነው» አለኝ። «የመስከረሙን። አንቺ ካልወደድሽ ሌላ እሥላለሁ።»

ጥቁር ለብሼ ነበር። «አብሬዎት እሥላለሁ» አልሁት።

ክረምት በሌለበት፣ በዚያው ግምጃ ቤት፣ ክረምቱን ሣልነው። አቡጀዲ ሰፍተን በጣውላ ወጥረን፣ ኮላና ጄሶ ቀብተን፣ ግድግዳውን የሚያህል አደረግነው። ሰማያዊ ቱቦ አልከፈትንም። ከታች ቀይ አፈር፣ በላዩ ቡና ዓይነት፣ በላዩ አመድማ። ቀጭኑ እስኪደርቅ መጠበቅ አለ፤ ከዚያ ዘይት የበዛበት ይቀጥላል። ከግራ ከላይ ጀምሮ ውሃው ይመጣል፤ ከተዋጠ ድንጋይ በላይ ጉብ ይላል፣ ይሰነጠቃል፣ ከዳር አረፋውን በክር በክር ይጎትታል። ወዲህ ሾላዋ። ሰው አልሣልንም።

አንድ ቀን መኻሉን እኔ ስሠራ ብሩሹን ሸራው ላይ ስደበድበው አየኝ።

«ምን እያደረግሽ ነው?»

«ገዳይ ነው» አልሁት።

እጄን ያዘና ብሩሹን ወሰደብኝ። «ውሃው ማንንም አልጠራም» አለ። «መስከረም በመጣ ቁጥር እንዲሁ ያልፋል፣ ከእናንተ በፊትም ያልፍ ነበር። ሰዎቹን የጠራ ሌላ ነው። አንቺ ንዴትሽን እዚህ ከጨረስሽው ያ ሌላው በነፃ ይሄዳል።» ከዚያ ብሩሹን መለሰልኝ። «በሚሄድበት አስኪጂው።»

በዚያ ቤት ውስጥ ከተማርሁት ሁሉ ዋናው እሱ ነው። እስከ ዛሬ ውሃ ተናድጄበት አላውቅም።

መጋቢት ላይ አለቀ። የትምህርት ቤቱ ዘበኛ መብራት ሊያጠፉ ገብተው ሥዕሉ ፊት ሲደርሱ አንድ እርምጃ ወደ ኋላ አሉ። ኮፍያቸውን አወለቁ። የእሳቸውም ዘመድ ከሄዱት መኻል ነበረ። መብራቱን ሳያጠፉ ወጡ።

ካድሬው ሥዕሉን ሊያይ በዚያው ሳምንት መጣ። እኔ ብሩሽ ሳጥብ ነበር። እጆቹን ወደ ኋላ አድርጎ ቆመ። ወዲያው ነው ያወቀው፤ ጆሮው ሲቀላ አይቻለሁ።

«ይኸ ምንድነው?»

«ብር ነው፣ ጓድ» አለ መምህሩ።

«ብር እንዲህ አይደለም።»

«በመስከረም እንዲህ ነው።»

«ውበት ነው ያልነው። ይኸ ውበት ነው?» ወደ ሸራው ቀረበና በጣቱ ጉብታውን ነካው። ቀለሙ ገና እርጥብ ስለነበር ጣቱ ላይ ቀረ። «ይረጋ። ውሃው ይረጋና ሰማያዊ ይሁን። እዚህ ላይ ድልድይ ይጨመርበት።»

«እዚያ ድልድይ የለም፣ ጓድ።»

«በዕቅድ ተይዟል።»

መምህሩ ከእኛ ሰው ጋር ብዙ ስለኖረ የጎጃምን የሰምና ወርቅ አነጋገር ለምዶ ነበር። «የዘይት ቀለም ጠባዩ አስቸጋሪ ነው» አለ ቀስ ብሎ። «የሥሩ ሳይደርቅ በችኮላ ቢሸፍኑት፣ የላዩ መሰንጠቁ አይቀርም።»

ካድሬው ገባው። ጣቱን በመሐረብ እየጠረገ ዞር ሲል እኔን አየ። «አንቺ ምንድነሽ?»

«ብር የወሰደው ሰው እኅት ነኝ» አልሁት። «ሽማግሌዎቹን ይዤ ቢሮዎ የመጣሁት እኔ ነኝ። ብስኩት ይበሉ ነበር።»

መምህሩ፣ «ውጪ» አለኝ። ሲቆጣኝ ያየሁት ያን ጊዜ ብቻ ነው። በሩ ላይ ሆኜ ግን ሰማሁ። ካድሬው ተስተካክሎ ለሜይ ዴይ፣ ለሠራተኞች በዓል፣ ይድረስ አለ። መምህሩ፣ «እኔ ያየሁትን ሥያለሁ፤ ሌላውን ያየው ይሣለው» አለ። ድምፁን ከፍ አላደረገም።

ከሳምንት በኋላ ክፍል ውስጥ እያስተማረን መጥተው ወሰዱት። ጠመኔውን ሰሌዳው ሥር አስቀምጦ፣ እጁን አራግፎ ወጣ። ፖሊስ ጣቢያ ሳለ ምግብ ስወስድለት ሰሐኑን ይቀበሉኛል፣ እሱን ግን አያሳዩኝም። አንድ ቀን ሰሐኑን ሳይቀበሉኝ ተዛውሯል አሉ። ወዴት ብል የሚነግረኝ አጣሁ። ደርግ ከወደቀ በኋላ አዲስ አበባ ድረስ ሄጄ ጠይቄያለሁ። የሚያውቀው ሰው አገኘሁ፤ ያየው ሰው ግን አላገኘሁም።

ካድሬውን ግን አግኝቼዋለሁ። ከጥቂት ዓመታት በፊት ደምበጫ ላይ አውቶቡስ ሲቆም በመስኮት አየሁት። ሸምግሏል፤ ነጭ ጋቢ ለብሶ ብርቱካን እየመረጠ ያሸታል። ሻጯ «አባባ» ትለዋለች። ልወርድ ስነሣ አውቶቡሱ ተንቀሳቀሰ። ሰው ሁሉ ዞሮ እስኪያየኝ ድረስ ለሾፌሩ አቁም ብዬ ጮኽሁ። አላቆመም። ብወርድ ምን እንደምለው ግን ዛሬም አስባለሁ።

ሥዕሉን የጨረሰው አንድ የመጠጥ ቤት ማስታወቂያ የሚጽፍ ሰው ነው። የበርና የመስኮት ቀለም ይዞ መጥቶ በአንድ ጧት ብርን አረጋው። ሰማያዊውን ከዳር እስከ ዳር ነዳበት፤ ጉብታዋን፣ አረፋውን፣ የእኔን እጅ፣ የመምህሩን እጅ። በላዩ ባለ ሦስት ቅስት ድልድይ ሠራ። ሾላዋን ስላማረችው ትቷታል። ሰውዬውን አልወቅሰውም፤ እሱንም ጠርተውት ነው። አዳራሹ ተመረቀ፣ ተጨበጨበ። እኔ ግን ያን ጊዜ እጄን አላነሣሁም።

በግንቦት የጤና ጣቢያ ሰዎች ሕፃናት የሚከትቡበት ሰፊ ቦታ አጥተው አዳራሹ ተከፈተላቸው። እናትሽና አያትሽ አንቺን አዝለው ከማዶ መጡ። ወረፋው ረጅም ስለሆነ ሴቶቹ አግዳሚ ወንበሮቹ ላይ ፊታቸውን ወደ መድረኩ አድርገው ተቀምጠዋል። ከትምህርት ቤት ስደርስ እናትሽ አንገቷን ደፍታ ታጠባሻለች። ሥዕሉን አንዴ አይታዋለች መሰለኝ፤ እስክንወጣ ድረስ ቀና አላለችም። አያትሽ ግን ዓይኗን አልነቀለችም። ከቤተ ክርስቲያን ግድግዳ በቀር ሥዕል አይታ አታውቅም፤ የተሣለ ነገር ሁሉ ለእሷ የሆነ ነገር ነው።

«ይኸ ብር አይደለም እንዴ?» አለችኝ በሹክሹክታ። «ያች ሾላችን አይደለች?»

«ናት፣ እማዬ።»

«ድልድዩ ከወዴት በኩል ነው?»

ሴቶቹ ይሰማሉ፤ በሩ ላይ ጠባቂ ቆሟል። ወደ ጆሮዋ ጎንበስ ብዬ፣ «ድልድይ የለም፣ እማዬ። እንዲያው ሣሉት እንጂ» አልኋት።

«አሃ» አለች። «እኔኮ ልጄ ድልድይ መኖሩን ሳያውቅ በውሃው የወረደ መስሎኝ፣ ተቀምጬ ሳዝንበት ነበር።»

እንግዲህ በዚያ ነው የምናደደው። ከነገሩ ሁሉ በዚያ። ልጇን ገደሉባት፤ አልበቃ ብሏቸው፣ ሞኝ ነበር ብላ እንድታዝንበት አደረጓት። ለአንድ የወረፋ ጊዜም ቢሆን አደረጓት።

ተከተብሽ። እየጮኽሽ ወጣን፤ ያን መንገድ ሁሉ አልቅሰሻል። መርፌ የገባበት ጭንሽ አብጦ እንደ ፍም ይፋጅ ነበር፤ ጡትም አልይዝ አልሽ። ብር ስንደርስ ወንዙ ከቁርጭምጭሚት አይበልጥም፣ ጥርት ብሎ ጠጠሩ ይታያል። እናትሽ ውሃውን ሳታይ ፈጥና ተሻገረች። አያትሽ ግን አንቺን ከጀርባዋ አውርዳ ታቀፈችሽና መኻል ላይ ቆመች። ቀሚሷ ጫፉ እየራሰ ጎንበስ ብላ በመዳፏ ውሃ ቀዳች፤ ያበጠውን ጭንሽን ደጋግማ አራሰችልሽ። ውሃው በእግሮቿ ዙሪያ እየተከፈለ ያልፋል። መጀመሪያ ደንገጥ አልሽ። ከዚያ ለቅሶሽን ተውሽና፣ በእርጥብ ዓይንሽ ወደ ታች፣ ወደሚሄደው ውሃ ታዪ ጀመር።